ምዕራፍ 7፦ መጀመሪያ ውሃው ይውጣ

ቦንጋ ላይ እንግዳ ቤት ገብቶ ቡና ሳይጠጣ አይወጣም። የአረቢካ ቡና ማንም ሳይተክለው ጫካ ውስጥ በሚበቅልበት በከፋ ምድር ስለ ቡናው የሚጨነቅ የለም። የሚያሳስበው የቡና ቁርሱ ነው። ቆሎ አለ፣ ዳቦ አለ፣ ቆጮ አለ። ከእነዚህ ወጣ ያለ፣ ትኩስ፣ በአንድ ጉርሻ የሚያልቅ ነገር ላቅርብ ለሚል ሰው በዚህ ምዕራፍ የምንሠራው በአይብ የተሞላ እንጉዳይ ነው።

ሐሳቡ ለእኛ እንግዳ አይደለም። ስንግ የሚሠራበት ቤት ሁሉ መሙላትን ያውቀዋል፤ ቃሪያው ይሰነጠቃል፣ ሽንኩርትና ቲማቲም ይጠቀጠቅበታል፣ ይቀርባል። እንጉዳይም ግንዱ ሲነቀል ቆቡ የሚሞላ ጎድጓዳ ይሆናል፤ የሚቀረው መሙላትና መጥበስ ነው። አሠራሩ በአራት መስመር ተጽፎ ያልቃል። በአራቱ መስመር ብቻ የሠራ ሰው ግን ብዙ ጊዜ የሚያገኘው ሌላ ነገር ነው። ትሪው ላይ ግራጫ ውሃ ይተኛል፣ ቆቡ ላልቶ ከእጅ ይሾልካል፣ አይቡ ረጥቦ ይፈሳል፣ ጣዕሙም ውሃ ውሃ ይላል።

ብዙዎች ጥፋቱን በመሙያው ያላክካሉ። ቅመም ይጨምራሉ፣ ቅቤ ይጨምራሉ፣ በሚቀጥለው ጊዜም ያው ውሃ ይጠብቃቸዋል። መሙያው ጥፋት የለበትም። የእንጉዳይ ሙያ በአንድ ጥያቄ ላይ ይቆማል፦ ውሃው መቼ፣ በየት በኩል ይወጣል? ይህ ምዕራፍም ከዚሁ ጥያቄ ብዙ አይርቅም።

በአንድ ሌሊት የሚነፋ ገላ

ዝናብ ባደረበት ማግስት፣ ትናንት ምንም ያልነበረበት ሜዳ በእንጉዳይ ተሞልቶ ይገኛል። ከፋ ደግሞ ለእንጉዳይ የተመቸ አገር ነው። ዝናቡ ከዓመቱ ወራት አብዛኞቹን ይይዛል፤ ዩኔስኮ በ2002 ዓ.ም. በባዮስፌር ሪዘርቭነት የመዘገበው ጫካ ወለሉ በወደቀ ቅጠልና በበሰበሰ ግንድ የተሸፈነ ነው። ናቡ የተባለው የጀርመን የተፈጥሮ ጥበቃ ማኅበር በ2014 (እ.ኤ.አ.) ሳይንቲስቶችን አሰማርቶ የዚህን ጫካ ብዝኃ ሕይወት ሲያስጠና ከወፉና ከእንቁራሪቱ ጋር ፈንገሱም ተመዝግቧል።

ግን አንድ ነገር በአንድ ሌሊት እንዴት ይህን ያህል ያድጋል? እውነቱን ለመናገር፣ በዚያ ሌሊት እምብዛም አያድግም። እንጉዳይ ብለን የምንለቅመው የፈንገሱን ፍሬ ብቻ ነው። ፈንገሱ ራሱ በአፈሩ ወይም በበሰበሰው እንጨት ውስጥ እጅግ ቀጭን ክር ሆኖ ተዘርግቶ ይኖራል። ጊዜው ሲደርስ ክሮቹ ተጠላልፈው አንዲት ትንሽ እንቡጥ ይሠራሉ፤ ቆቡም ግንዱም ከሞላ ጎደል በዚያች እንቡጥ ውስጥ ተበጅተው ያልቃሉ። የሚጎድለው ውሃ ነው። ዝናቡ ሲጥል ክሮቹ ውሃ ስበው ይወጠራሉ፣ እንቡጡም ይነፋል። ሌሊቱን የተሠራው ሥራ ግንባታ አልነበረም፤ የተገነባውን በውሃ መሙላት ነው።

ስለዚህ ጥሬ እንጉዳይ ሲመዘን የሚመዘነው በአብዛኛው ውሃ ነው። ሱፐርማርኬት ውስጥ የሚሸጠው ክቡ ነጭ እንጉዳይ ከ100 ግራሙ 92 ያህሉ ውሃ ነው። ጣዕሙንም፣ ሽታውንም፣ ቅርጹንም የሚሸከመው የቀረው 8 ግራም ነው።

ስንግ የሚሳካው ታዲያ ቃሪያ ደረቅ ስለሆነ ነው? አይደለም፤ ቃሪያም አብዛኛው ውሃ ነው። ግን ቃሪያ የሚያብለጨልጭ፣ ሰም መሰል ነገር የለበሰ ቆዳ አለው፤ ውሃውን አፍኖ ያቆያል። ደግሞም ስንግ ብዙውን ጊዜ እሳት ሳይነካው ነው የሚቀርበው። እንጉዳይ እንዲህ ያለ ቆዳ የለውም። እሳት ሲነካው ክሮቹ ውጥረታቸውን ይለቃሉ፣ ውሃው በየአቅጣጫው ይወጣል፤ አይቡን ወደሞላንበት ጎድጓዳም ይገባል።

እርጥብ እንጨት

በከፋ ክረምት እሳት ያያያዘ ሰው ይህን ክፍል ሳያነበውም ያውቀዋል። እርጥብ ፍልጥ ምድጃ ውስጥ ሲገባ አይነድም። ጫፉ ላይ አረፋ እየደፈቀ ሲስ ይላል፣ ይጨሳል፣ ዓይን ያስለቅሳል። እሳቱ ሰንፎ አይደለም፤ ሙቀቱ የእንጨቱን ውሃ በማትነን ስለሚያልቅ ነው። እርጥብ የሆነው ክፍል ውሃው እስኪያልቅ ድረስ ከፈላ ውሃ እምብዛም በልጦ ሊሞቅ አይችልም፤ ለመንደድ ደግሞ ከዚያ እጅግ የበለጠ ሙቀት ይፈልጋል። ውሃው ሲያልቅለት ግን ያው ፍልጥ ቦግ ይላል።

እንጉዳይም መጥበሻ ላይ ያው ነው። ቦንጋ ከባሕር ጠለል በላይ 1,700 ሜትር ገደማ ላይ ስለምትገኝ ውሃ የሚፈላው በ100 ሳይሆን በ94 ዲግሪ ሴንቲግሬድ አካባቢ ነው፤ ከፍ በምትለው አዲስ አበባ ደግሞ በ92 ገደማ። ውስጡ ውሃ እስካለ ድረስ እንጉዳዩ ከዚህ አያልፍም። እሳቱን ቢያፋፍሙት የሚጨምረው እንፋሎቱ ነው። ምግብን ቡናማ የሚያደርገው፣ ያንን የጥብስ ሽታም የሚሰጠው ለውጥ የሚፋጠነው ግን ከ140 ዲግሪ አካባቢ ጀምሮ ነው። ይህን ለውጥ፣ ማለትም የስኳርና የፕሮቲን ክፍልፋዮች በሙቀት ተገናኝተው አዲስ ቀለምና ሽታ መፍጠራቸውን፣ በ1912 (እ.ኤ.አ.) የገለጸው ፈረንሳዊው ሉዊ ካሚል ማያር ነው። ከ94 እስከ 140 ያለውን መንገድ እሳት በማብዛት ብቻ መሻገር አይቻልም። የሚያሻግረው የላይኛው ገጽ መድረቁ ነው።

ቡና የምትቆላም ይህንኑ ለውጥ በየቀኑ ታያለች። ጥሬ ቡና በደንብ ከደረቀ በውስጡ የሚቀረው ውሃ ከመቶ 11 ወይም 12 ብቻ ነው። ስለዚህ ምጣዱ ላይ ጥቂት ቢጫ ሆኖ፣ የሣር ሽታ ሸትቶ፣ ብዙም ሳይቆይ ወደ ቡናማ ያልፋል። እንጉዳይ ግን 92 ይዞ ነው የሚመጣው።

እዚህ ላይ አንድ ቁጥር ልብ ይበሉ፤ የቀረው አሠራር በሙሉ የሚመነጨው ከእሱ ነው። ውሃን ከክፍል ሙቀት አንሥቶ እስኪፈላ ለማድረስ የሚያስፈልገውን ሙቀት አንድ እጅ ብንለው፣ ያንኑ የፈላ ውሃ አትንኖ ለመጨረስ ሰባት እጅ ያህል ይጠይቃል። እንጉዳይ ገና ሲጣድ ቶሎ ሞቆ ከዚያ በኋላ የተረሳ ያህል የሚቆየው ለዚህ ነው። ነገር ግን ከእንጉዳዩ ወጥቶ የሚንጠባጠብ ውሃ ሰባቱን እጅ አያስከፍልም። ስለዚህ ብልኅ ሠራተኛ ውሃውን ሁሉ በእሳት ላጥፋ አይልም፤ ቆቡን ደፍቶ የቻለውን ያህል እንዲፈስ ያደርጋል፣ የቀረውን ብቻ ያተንናል።

በምዕራፍ 3 ስለ ቁሌት ስንነጋገር ሽንኩርቱ በመጀመሪያ ያለ ዘይት ውሃው እስኪያልቅ እንደሚታሽ፣ ዘይቱ ከዚያ በኋላ እንደሚከተል አይተናል። የእንጉዳይም ሕግ ያው ነው፤ እንዲያውም እንጉዳይ አንድ ተጨማሪ ምክንያት አለው። በክሮቹ መካከል ብዙ አየር አለ። ቅቤ ቀድሞ ከገባ በአየሩ ቦታ ይሰርጋል፣ መጥበሻው ይደርቃል፣ የሚሠራውም ሰው አነሰ ብሎ ይጨምራል። ውሃው ቀድሞ ከወጣ ግን ክሮቹ እርስ በርስ ይጠጋጋሉ፣ አየሩም ይወጣል፤ ያን ጊዜ ቅቤው ላይ ላዩን ብቻ ይቀባል። ቅቤ በዚህ ዋጋ በሚሸጥበት ዘመን ይህ ቀላል ነገር አይደለም።

እንጉዳይ አይታጠብም፣ ውሃ ይጠጣል የሚባለውንም እግረ መንገዳችንን እንዝጋው። አሜሪካዊው የምግብ ሳይንስ ጸሐፊ ሃሮልድ ማክጊ እንጉዳይ መዝኖ፣ ውሃ ውስጥ ዘፍዝፎ፣ እንደገና መዝኖ የጠጣው ውሃ ከቁጥር የማይገባ መሆኑን አሳይቷል። 92 ከመቶው ውሃ ለሆነ ነገር አንድ ጠብታ ምን ይጨምርለታል? አፈር ካለበት ቶሎ አለቅልቀው በጨርቅ ያድርቁት።

የማይፈርሰው ግድግዳ

ውሃው እስኪወጣ ይጠብቁ ሲባል የሚመጣ ፍርሃት አለ፤ አብዝቶ በስሎ ቢፈራርስስ? ይህ ፍርሃት ከድንችና ከዝኩኒ የተማርነው ነው። የአትክልት ግድግዳ ፔክቲን በሚባል ማጣበቂያ የተያያዘ ነው፤ ፔክቲን ሙቀት ሲበዛበት ይሟሟል፣ አትክልቱም ይላሽቃል። ሥጋ ደግሞ ፕሮቲኑ በሙቀት ስለሚኮማተር ይደርቃል፣ ይጠነክራል።

እንጉዳይ ከሁለቱም አይደለም። አትክልት ተራ ብንሸጠውም በዘሩ ከጎመን ይልቅ ወደ እንስሳት ይቀርባል። ግድግዳው የተሠራበትን ነገር በመጀመሪያ ያገኘው አንሪ ብራኮኖ የተባለ ፈረንሳዊ ነው፤ በ1811 (እ.ኤ.አ.) ያገኘውም ከእንጉዳይ ላይ ነው። ዛሬ ካይቲን ይባላል። የንብና የአንበጣ ቅርፊትም ካይቲን አለበት። ካይቲን በወጥ ቤት ሙቀት አይሟሟም፤ ለዚህ ነው እንጉዳይ ለሩብ ሰዓትም ለአርባ ደቂቃም ቢበስል ሲታኘክ ብዙ የማይለወጠው።

ለባለሙያው ይህ ትልቅ ምሕረት ነው። እንግዳው ቢዘገይ፣ ስልክ ቢደወል፣ እሳቱ ትንሽ ቢበረታ እንጉዳዩ ይቅርታ ያደርጋል። እኔ የቀመስኳቸው የማይረቡ የእንጉዳይ ምግቦች ከሞላ ጎደል ሁሉም ችግራቸው አንድ ነበር፦ ቶሎ ከእሳት መውረድ። ጥሬውም ቢሆን ግድግዳው ስላልተከፈተ ለሆድ ይከብዳል፤ ስለዚህ አብስሎ መብላት ይሻላል።

ከጫካው ወይስ ከካርቶኑ?

ጫካ አጠገብ ለሚኖር ሰው እንጉዳይን በገንዘብ መግዛት ሞኝነት ሊመስለው ይችላል። በደቡብ ምዕራብ ኢትዮጵያ የዱር እንጉዳይ መብላት የቆየ ነገር ነው። ከከፋ በስተ ምዕራብ ባለው ጫካ የሚኖሩት መዠንገሮች እንጉዳይን እንዴት እንደሚጠቀሙ ጃፓናዊቷ ተመራማሪ ኖቡኮ ቱኖ በ2001 (እ.ኤ.አ.) አሳትመዋል። ከኩይሳ ላይ የሚወጣው፣ ምስጦች በጓዳቸው የሚያለሙት እንጉዳይም ጣዕሙን የሚያወድሱለት ብዙ ናቸው።

ሆኖም ይህ እውቀት ከአያት ወደ ልጅ ከአንድ ጫካ ጋር ተያይዞ የሚወረስ ነው። ለእንግዳ በሚቀርብ ሳህን ላይ አይሞከርም። ገዳዮቹ እንጉዳዮች የያዙት አማቶክሲን የሚባል መርዝ በመቀቀልም፣ በመጥበስም፣ በማድረቅም አይጠፋም። ከተበላ በኋላ ስድስት ሰዓትና ከዚያም በላይ ዝም ብሎ ቆይቶ በትውከትና በተቅማጥ ይጀምራል፤ ከዚያ ታማሚው የተሻለው መስሎ ሳለ ጉበቱን ያጠቃል። መርዛማው የብር ማንኪያ ያጠቁራል፣ ሽንኩርት ያበላሻል፣ ትል የበላው እንጉዳይ ሰው አይጎዳም የሚባሉት መለያዎች ሁሉ ውሸት ናቸው። የጅብ ጥላ ሁሉ አንድ አይደለምና በእርግጠኝነት የማያውቁትን አይልቀሙ። ሳያውቁ የበላ ሰው ካለም ሕመሙ እስኪጀምር ሳይጠብቁ፣ ከተረፈው እንጉዳይ ጥቂት ይዘው ወደ ሕክምና ይውሰዱት።

የለማው እንጉዳይ ሁለት ዓይነት ሆኖ ይገኛል። አንዱ እንደ ማራገቢያ የተዘረጋው ኦይስተር እንጉዳይ ነው። የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲው የፈንገስ ተመራማሪ ዳዊት አባተ ከ1990ዎቹ (እ.ኤ.አ.) ጀምሮ በአገር ውስጥ ስለማልማቱ የጻፉለት ይህ እንጉዳይ በጭድም ሆነ ከቡና መፈልፈያ በሚተርፈው ገለፈት ላይ ይበቅላል፤ ለከፋ ይህ ትልቅ ዕድል ነው፣ ገለፈቱ የሚጣል ነገር ነውና። ለመሙላት ግን አይሆንም፤ ጎድጓዳ የለውም። ለዛሬው ሥራችን የሚያስፈልገን ሁለተኛው፣ ክቡ ነጭ እንጉዳይ ነው። ከአዲስ አበባ የሚመጣ ሰው 460 ኪሎ ሜትር ገደማ ይዞት ሲጓዝ በፌስታል ቋጥሮ እንዳያመጣው ይንገሩት። እንጉዳይ ከተለቀመ በኋላም ይተነፍሳል፤ ፌስታሉ ውስጥ የተነፈሰው ውሃ ተመልሶ ላዩ ላይ ይጠራቀምና ያዝለገልገዋል። በወረቀት ተጠቅልሎ ይምጣ።

መሙያው

የመሙያው ምርጫ ሰፊ ነው፤ መመዘኛው ግን አንድ ነው፦ ከውሃው ጋር ያለው ጠባይ።

አይብን የመረጥኩት አይቀልጥም ብዬ ነው። አይብ ሲሠራ ገና ድሮ በአሲድና በሙቀት የረጋ ስለሆነ እንደገና ቢሞቅ ይጠነክራል እንጂ አይፈስም፤ ከቆቡ ወርዶ ትሪው ላይ አይዘረገፍም። ግን እሱም ከአምስት እጁ አራት ያህሉ ውሃ ነው። ቆቡን አድርቀን ርጥብ አይብ ከሞላንበት የወጣውን ውሃ መልሰን አስገባን ማለት ነው። ስለዚህ አይቡን በንጹሕ ጨርቅ ቋጥረው አንጠልጥለው ያሳድሩት፣ ጧት በእጅዎ ጨመቅ ያድርጉት። አጓቱ መንጠባጠቡን ሲያቆም፣ አይቡም በጣት ሲነካ ሳይጣበቅ ፍርፍር ሲል ደርሷል።

ቅቤውም ንጥር ይሁን። ለጋ ቅቤ ከመቶው ከ16 እስከ 20 ያህሉ ውሃ ነው፤ ሲነጠር ያ ውሃ ተንኖ ያልቃል። ኮረሪማና ጥምዝ ሁለቱም የዚሁ የደቡብ ምዕራብ ጫካ ሀብት ናቸው፤ ሽታቸውን የሚሰጠው ዘይት ከውሃ ይልቅ በቅባት ይሟሟልና አይቡ ላይ በደረቁ ከመነስነስ ይልቅ በሞቀው ንጥር ቅቤ ውስጥ ትንሽ ቢቆዩ ሽታቸው ይጎላል። ጥምዝ ጭስ ጭስ የሚል የሚያቃጥል ጣዕም ስላለው ለእንጉዳይ ከበርበሬ ይልቅ ይስማማዋል ባይ ነኝ። በርበሬ ያሸንፈዋል።

ጨው የራሱ ነገር አለው። ጨው ያረፈበት ቦታ ሁሉ ውሃ ይስባል። ይህ ጠባዩ መጀመሪያ ላይ ወዳጅ ነው፣ መጨረሻ ላይ ጠላት። ባዶው ቆብ ላይ ገና ሲጣድ ቢነሰነስ ውሃው ቶሎ እንዲወጣ ይረዳል። አይቡ ላይ ግን ቀደም ብሎ ከገባ አጓት ያስለቅቀዋል፤ ሊሞላ ሲል ብቻ ይጨመር።

እሳቱ ላይ

ለስምንት ሰው ግማሽ ኪሎ እንጉዳይ፣ ሩብ ኪሎ የተጨመቀ አይብ፣ ሁለት የሾርባ ማንኪያ ንጥር ቅቤ፣ አንድ መካከለኛ ቀይ ሽንኩርት፣ አንድ ቃሪያ፣ ግማሽ ግማሽ የሻይ ማንኪያ የተፈጨ ጥምዝና ኮረሪማ ይበቃል።

ግንዱን በጣትዎ ወደ ጎን ገፋ ሲያደርጉት ቀጭ ብሎ ይነቀላል። ግንዱን አይጣሉት። ከሽንኩርቱ ጋር አድቅቀው ይክተፉትና ያለ ቅባት መጥበሻ ላይ ያድርጉት፣ ቁንጥር ጨው ጣል ያድርጉበት። ከአንድ ሁለት ደቂቃ በኋላ መጥበሻው ውሃ ይሞላል፤ አይደንግጡ። ጆሮዎን ይስጡት። ውሃ ሳለ ድምፁ የሚንተከተክ ወፍራም ነው፤ ውሃው ሲያልቅ ቀጥኖ ወደ መንጫጫት ይለወጣል። ያ ድምፅ ሲመጣ ንጥር ቅቤውን፣ ቃሪያውንና ቅመሙን ጨምረው ቡናማ እስኪሆን ያማስሉት፣ ቀዝቀዝ ሲል ከአይቡ ጋር ያዋሕዱት።

ቆቦቹን በትንሽ ጨው አሽተው ጎድጓዳቸውን ወደ ታች ደፍተው ሰፊ መጥበሻ ወይም የብረት ምጣድ ላይ አራርቀው ይደርድሩ። ማራራቁ ለአይን አይደለም፤ ከተጠጋጉ የአንዱ እንፋሎት ሌላውን ይቀቅለዋል። ሰፊው የእንጀራ ምጣድ ለዚህ የተፈጠረ ይመስላል፤ ግን ቅባት የነካው ምጣድ እንጀራ ያበላሻልና ከቤቱ ባለሙያ ጋር መጣላት ካልፈለጉ ይተዉት። አሥር ደቂቃ ያህል በመካከለኛ እሳት ሳይከደን ይቆይ። የወጣውን ውሃ በትንሽ ዕቃ እየቀዱ ያስቀምጡ፣ አይድፉት። ኦቨን ያለው ሰው በ200 ዲግሪ ሩብ ሰዓት ያህል እንዲሁ ደፍቶ ይጥበሰው። ቆቡ ከጥሬው ክብደት ሲሶውን፣ አንዳንዴም እስከ ግማሹን ያጣል፤ ያጣው ውሃ ነው።

አሁን ይገልብጧቸው። ጎድጓዳው ውስጥ የቀረ ውሃ ካለ በጨርቅ ነካ ነካ አድርገው ያንሡት፣ ከዚያ አይቡን ጉብ አድርገው ይሙሉ። ተመልሰው ይጣዱና አይቡ እስኪሞቅ ለሦስት ወይም ለአራት ደቂቃ ብቻ ይከደኑ። ክዳኑን ሲያነሡ ቀጥ አድርገው ወደ ላይ አያንሡት፤ ውስጡ ያዘለው ጠብታ ተመልሶ አይቡ ላይ ይዘንባል። አዘንብለው ወደ ጎን ይሳቡት። ከዚያ ታቹ ቡናማ እስኪሆን ሳይከደን ሁለት ሦስት ደቂቃ ይቆይ።

እንግዳ የሚመጣበት ቀን ቆቡን ጧት ጠብሶ ማስቀመጥ ይቻላል። ሞልቶ ማስቀመጥ ግን አይቻልም፤ እየቆየ የቆቡ እርጥበት ወደ አይቡ ይገባል። ባዶውን ቆብና መሙያውን ለየብቻ ከድነው ፍሪጅ ያስቀምጡ፣ እንግዳው ቤት ከገባ በኋላ ይሙሉ።

በጾም ቀን

አይብና ቅቤ በሌሉበት ቀን መሙያው በሶ ይሆናል። በምዕራፍ 5 ስለ ሽሮ ስንነጋገር ዱቄት ውሃን እንዴት ጠጥቶ እንደሚይዝ አይተናል፤ በሶ ደግሞ ገብሱ አስቀድሞ የተቆላ ስለሆነ ሳይበስልም ውሃውን ይይዛል። ከቆቡ የሚያመልጥ ጥቂት ውሃ ቢኖር እሱ ዘንድ ይቀራል። በዚህ ረገድ የጾሙ መሙያ ከፍስኩ ይሻላል ብል አላጋነንኩም።

ቀድተን ያስቀመጥነው የእንጉዳይ ውሃ ሥራ የሚያገኘውም እዚህ ነው። ጃፓናዊው ኬሚስት ኪኩናዬ ኢኬዳ በ1908 (እ.ኤ.አ.) ከባሕር አረም መረቅ ውስጥ ግሉታሜት የተባለውን ንጥረ ነገር ለይቶ ከጨዋማ፣ ከጣፋጭ፣ ከጎምዛዛና ከመራራ ውጭ አምስተኛ ጣዕም እንዳለ አሳየ፤ ሥጋ መረቅ ሲጠጣ አፍ የሚሞላው ያ ጣዕም ማለት ነው። እንጉዳይም ግሉታሜት አለው፤ በውሃ ስለሚሟሟም ከወጣው ውሃ ጋር አብሮ ይወጣል። ሥጋ በማይበላበት ቀን ይህን ውሃ መድፋት ኪሳራ ነው። ሽንኩርቱንና ግንዱን በዘይት ካበሰሉ በኋላ በሶውን ጨምረው በዚሁ ውሃ በማንኪያ በማንኪያ እየረጩ፣ በእጅ ሲጨበጥ እስኪያያዝ ድረስ ብቻ ያርጥቡት። የተረፈው ለሽሮ ይሁን።

ገበያ ሲወጡ አንድ ነገር አይርሱ። ቆቡ ሲጠበስ በጣም ይሟሽሻል። ትንንሹ እንጉዳይ ካርቶን ውስጥ ሲያዩት ያምራል፤ ውሃው ወጥቶ ሲያበቃ ግን አይብ የሚይዝበት ቦታ የለውም። ለአንድ ጉርሻ የሚበዛ የሚመስለውን ትልቁን ይግዙ።